በሽማግሌ የተያዘው ክስ

ሰባ ስድስት ዓመቴ ነው። በዚህ ዕድሜ ላይ ያለ ሰው ያለፈ ነገር ሲተርክ ዝርዝሩ ላይ ብዙ መድፈር የለበትም፤ ስለዚህ እርግጠኛ ያልሆንኩበት ቦታ ስደርስ እርግጠኛ አለመሆኔን እናገራለሁ። አንባቢዎቼ፣ ይህን የሽማግሌ ትሕትና አድርጋችሁ እንዳታልፉት እለምናችኋለሁ። የምነግራችሁ ነገር የደረሰው አንድ የተማረ ሰው በችሎት ፊት ቆሞ "በእርግጠኝነት አላስታውስም" በማለቱ ነው። ያ ሰው እኔ ነኝ።

በዚያን ጊዜ ጡረታ ከወጣሁ ብዙ ዓመት ሆኖኝ ፍኖተ ሰላም እኖር ነበር፤ አሁንም እዚያው ነኝ። የሥራ ዘመኔን ያሳለፍኩት መምህራንን በማሠልጠን ሲሆን የማስተምረውም የትምህርት ምዘና ነበር፤ ፈተና እንዴት እንደሚወጣ፣ መልስ እንዴት እንደሚታረም። ለተማሪዎቼ ደጋግሜ የምነግራቸው አንድ ምክር ነበረኝ፦ የማታውቁትን በግምት ከምትሞሉት ባዶውን ተዉት። ይህን ምክር የራሴም ኑሮ መመሪያ አድርጌው ነበር። ሰዎች "ጥንቁቅ ሰው ነው" ይሉኝ ነበር፤ እኔም ስሰማው ደስ ይለኝ ነበር።

መሐመድኑር የቡሬ ልጅ ነው። ከአራተኛ ክፍል አንስቶ አንድ ወንበር ላይ ተቀምጠን ተምረናል። እኔ በትምህርቱ ስገፋ እሱ ወደ አባቱ ሥራ ተመለሰና የበርበሬ ነጋዴ ሆነ። ከቡሬ ወደ ሽንዲ በሚወስደው መንገድ ግራና ቀኝ ያሉ ገበሬዎች በርበሬያቸውን የሚያስረክቡት ለእሱ ነበር። ወረቀት አያስፈርሙትም፤ ሸጦ ሲመለስ ቤት ለቤት እየዞረ ይከፍላቸዋል። ያን ዓመት የሰበሰበውን በሙሉ የሸጠው ፍኖተ ሰላም ለሚኖር ደሳለኝ ለሚባል ነጋዴ ነበር። ደሳለኝ ቼክ ጻፈለት። መሐመድኑር ቼኩን ይዞ ባንክ ሲሄድ "በቂ ስንቅ የለውም" ተባለ። ከሳምንት በኋላ ሄደ፤ መልሱ ያው ነበር። ስለዚህ ፍኖተ ሰላም ፍርድ ቤት ክስ መሠረተ።

ደሳለኝ ክርስትና ያነሳሁት ልጅ ነው። ይህን ከመጀመሪያው ማወቃችሁ ተገቢ ነው።

ጉዳዩ ጊዜ የሚሰጥ አልነበረም። ፋሲካ አልፏል፤ ዝናቡ ሊገባ ነው፤ ገበሬዎቹ የበርበሬውን ገንዘብ የሚጠብቁት ለማዳበሪያ ነበር። መሐመድኑር በፍርድ ቤት ካላስከፈለ ያለው ነገር ቡሬ ከዋናው መንገድ ዳር ያለው የአባቱ ቤት ብቻ ነው፤ ከፊት ሱቅ፣ ከኋላ እሱና ሚስቱ ሶፊያ የሚኖሩበት። ይህን ራሱ ነግሮኛል። "ቤቱን እሸጣለሁ እንጂ ከገበሬ ፊት ተደብቄ አልዞርም" አለኝ። ሶፊያ በጉልበት ሕመም ከቤት አትወጣም ነበር።

አንድ ቀን ደሳለኝ ቤቴ መጣና ጉልበቴን ሳመ።

"ጋሼ፣ ያስታርቁን። ገንዘቤ አዲስ አበባ ተይዞብኝ እንጂ ልክደው አይደለም። በፍርድ ቤት መሳደዱ ለእሱም አያምር፣ ለእኔም አያምር።"

"መጀመሪያ ለምን እሱ ዘንድ አልሄድክም?" አልኩት።

"በምን ዓይኔ? እርስዎ ካሉበት ግን እገባለሁ።"

በእኛ አገር ሽማግሌ አንድን ነገር ሲይዝ ሁለቱም ወገኖች እጃቸውን ይሰበስባሉ። ክሱ "በሽማግሌ ተይዟል" ይባላል። ጉዳዩን ለሽማግሌ ሰጥቶ ደግሞ ችሎት መቆም ሽማግሌውን እንደ መናቅ ይቆጠራል፤ እንዲህ ያደረገ ሰው ሌላ ጊዜ ለልጁ ጋብቻ እንኳ ሽማግሌ የሚሄድለት አያገኝም። ፍርድ ቤቱ ግን ስለዚህ ልማድ የሚነግረው ሰው ከሌለ የሚያውቀው ነገር የለም። ይህ ለማንም ግልጽ የሆነ ነገር ነው፤ በዚያን ሰሞን ግን ለእኔ አልታየኝም።

ለሽምግልናው ሁለት ሆንን፤ እኔና መሪጌታ ይትባረክ። መሪጌታ ቅኔ ያስተማሩ፣ በከተማው ሁሉ የተከበሩ ሰው ናቸው። እሑድ ከቅዳሴ በኋላ በእኔ ግቢ፣ ከግራቪሊያው ዛፍ ጥላ ሥር ተቀመጥን። መሐመድኑር ከቡሬ በሚኒባስ መጥቶ ገና ከበሩ ሲገባ ጮኸ፦

"መምህሩ! አርፍጄ ማርክ እንዳይቀነስብኝ ብዬ ቁርስ ሳልበላ ነው የመጣሁት።"

"ቁርስማ ቀርቧል። ሥጋዬን አትበላም እንጂ።"

"አንተስ የእኔን መቼ በላህ? ይኸው ስልሳ ዓመት ሙሉ ሽሮ ስንገባበዝ ኖርን።"

መሪጌታ እንኳ ሳቁ። ደሳለኝ ብቻ አልሳቀም፤ ሽሮው ሲቀርብም አንገቱን ደፍቶ ነበር።

ከቁርሱ በኋላ ነገሩ ተነሳ። ደሳለኝ ቼኩን መፈረሙን አመነ፤ በሁለት ጊዜ እከፍላለሁ አለ፤ የመጀመሪያውን በሚቀጥለው እሑድ ይዤ እቀርባለሁ ብሎ በመሪጌታ መስቀል ማለ። መሐመድኑር ቀኑን በጣቱ ቆጠረ። ከዚያ፣

"ሐሙስ ቀጠሮ አለ" አለ። "ዳኛ ፊት።"

ከዚህ በኋላ የሆነው ነገር ነው ሕይወቴን ያናወጠው፤ እኔ ግን በአእምሮዬ ውስጥ የማገኘው ጥቂት ቁርጥራጭ ብቻ ነው። ፀሐይዋ ዞራ ፊቴ ላይ ስለመጣች ወንበሬን ማንሳቴን አስታውሳለሁ። መሪጌታ ጉሮሯቸውን ጠርገው አንድ ነገር ማለታቸውን አስታውሳለሁ። ደሳለኝ ተነስቶ የመሐመድኑርን ትከሻ መሳሙን አስታውሳለሁ። ሐሙስን በሚመለከት ማን ምን እንዳለ፣ በትክክል በምን ቃል እንዳለ፣ አላስታውስም።

ሐሙስ መሐመድኑር ፍርድ ቤት አልሄደም።

እሑድ በቀጠሮው መጣ። መሪጌታም መጡ። ደሳለኝ አልመጣም። ስልኩ ዝግ ነበር። እስከ ቀትር ጠበቅን።

"መንገድ ተዘግቶበት ይሆናል" አልኩ እኔ።

"ከየት? ቤቱ ከዚህ እኮ አሥር ደቂቃ ነው" አለኝ መሐመድኑር።

ሰኞ አብረን ፍርድ ቤት ሄድን። መዝገብ ቤት ያለችው ልጅ መዝገቡን ገልጣ አነበበች፤ ከዚያም በሐዘኔታ ድምፅ፣ "አባባ፣ ሐሙስ ስምዎ ተጠርቶ አልነበሩም። የተከሳሽ ጠበቃ ቀርቦ ነበር። ከሳሽ ጉዳያቸውን አልተከታተሉም ተብሎ ክሱ ተሰርዟል" አለችው።

"በሽማግሌ ተይዞ እኮ ነው" አላት።

"ይኼ መዝገቡ ላይ የለም፣ አባባ።"

ከፍርድ ቤቱ በር ፊት ለፊት ጠረጴዛ ዘርግቶ አቤቱታ የሚጽፍ ሰው ቀሪውን አስረዳን። ከሳሽ የቀረው በበቂ ምክንያት መሆኑን በአንድ ወር ውስጥ ካስረዳ የተሰረዘው ክስ ሊከፈት ይችላል፤ ለዚህ ግን ምስክር ያስፈልጋል። "ማነው እንዳይቀርቡ ያደረግዎ?" ሲል ጠየቀው። መሐመድኑር ወደ እኔ ዞረ። "ሽማግሌዎቹ" አለ። የእኔና የመሪጌታ ስም ተጻፈ።

የምስክር ቀን ሲደርስ መሪጌታ አልነበሩም። ለጸበል ወደ ግሽ ዓባይ ሄደው ነበር፤ በዚያ ሰሞን የስልክ መስመሩ አንድ ቀን ካለ ሦስት ቀን የለም። ሰው ልከን አላገኘናቸውም። ምስክሩ እኔ ብቻ ሆንኩ።

ከቀጠሮው ሁለት ቀን ቀደም ብሎ ደሳለኝ ተመልሶ ቤቴ መጣ። አላስገባሁትም፤ በር ላይ ቆመን ተነጋገርን።

"ጠበቃህ ለምን ቀረበ?" አልኩት። "በመስቀል ምለህ!"

"እኔ ሂድ አላልኩትም ጋሼ። ሥራው ነው፤ ሄደ።"

"እሑድስ ለምን ቀረህ?"

"ገንዘቡ አልደረሰልኝም። ባዶ እጄን ከምመጣ ብዬ ነው።" ከዚያ ዝቅ ባለ ድምፅ፣ "ስለ እኔ እንዲመሰክሩልኝ አልመጣሁም። ያላሉትን እንዳሉ አድርገው እንዳይናገሩ ብቻ ነው። መሐላ ነው፤ ነፍስዎን አስባለሁ" አለኝ።

ተቆጥቼ በሩን ዘጋሁበት። ቃሉ ግን ከእኔ ጋር ወደ ውስጥ ገባ።

በማግስቱ ማስታወሻ ደብተር አውጥቼ የእሑዱን ሽምግልና ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ በቅደም ተከተል መጻፍ ጀመርኩ። የሽሮውን ቀልድ ጻፍኩ። የደሳለኝን መሐላ ጻፍኩ። "ሐሙስ ቀጠሮ አለ" ከሚለው ቀጥሎ እስክሪብቶዬ ቆመ። ሦስት መስመር ባዶ ተውኩና መሐመድኑር ሲወጣ ወደሚለው አለፍኩ። ያንን ባዶ ቦታ ሳየው፣ ይቅር ይበለኝ፣ ትክክለኛ ሥራ የሠራሁ መሰለኝ።

የቀጠሮው ቀን መሐመድኑር በመጀመሪያው ሚኒባስ መጣ። ነጭ ቆቡን አድርጓል፤ ጃኬቱ ተተኩሷል። ባጃጅ እንያዝ ስለው በእግር እንሂድ አለኝ። ጠዋት ስለነበር አየሩ ቀዝቃዛ ነበር።

"ምን ብለህ እንደምትመሰክር አልጠይቅህም" አለኝ በመንገድ። "ጠይቆ አስጠናው እንዳይሉህ።"

"ያየሁትን እናገራለሁ።"

"አውቃለሁ። ሶፊያ ትናንት ምን አለችኝ መሰለህ? 'መምህሩ ከሆነማ ዳኛዋን ራሷን ያርማታል' አለችኝ።" ሳቀ። ቀጥሎ ሳቁ ቆመና፣ "ገበሬዎቹ ትናንት ስድስት ሆነው መጥተው ነበር። አልተጣሉኝም። ደጄ ላይ ተቀምጠው ስለ ዝናብ አወሩና ሄዱ። ቢጣሉኝ ይሻለኝ ነበር" አለ።

በዚያች ቅጽበት፣ ደብተሬ ላይ ሦስት መስመር ባዶ መኖሩን ልነግረው ይገባኝ ነበር። ብነግረው ኖሮ ምናልባት እዚያው መንገድ ላይ ቆመን ነገሩን አብረን እናነሳው ነበር። ምስክር ከባለጉዳይ ጋር መመካከር የለበትም ብዬ ዝም አልኩ።

ችሎቱ ጠባብ ክፍል ነበር። ዳኛዋ ወጣት ሴት ነበረች፤ ድምፅዋ ለስላሳ፣ ዓይኗ ግን ከወረቀቱ የማይነሳ። ደሳለኝ ከጠበቃው ጎን ተቀምጦ መሬት መሬት ያያል። ስሜ ተጠራ።

"አባት፣ ይቀመጡ" አለችኝ።

"መቆም እችላለሁ፣ ክቡር ፍርድ ቤት።"

ማልኩ። ዳኛዋ ጥያቄዋን ጀመረች። ሽምግልና ተቀምጣችኋል ወይ? አዎን፣ ተቀምጠናል። ሁለቱም ወገኖች ነበሩ? ነበሩ። የሐሙሱ ቀጠሮ ተነስቷል? ተነስቷል፤ መሐመድኑር አንስቶታል። እስከዚህ ድረስ ቃሌ እንደ ውኃ ይፈስ ነበር። መሐመድኑር ከኋላዬ እፎይ ሲል ሰማሁት ልበል? ሰምቼው ነበር ብዬ አስባለሁ።

"እርስዎ ለከሳሽ፣ ሐሙስ ችሎት እንዳይቀርብ ነግረውታል?"

ከውጭ የባጃጅ ጡሩምባ ይሰማል። መልሱ ምላሴ ላይ ነበር። አዎን ብል ማንም አይጠይቀኝም። ነገር ግን አዎን የምለውን ነገር በውስጤ ስፈልገው ያ ባዶ ቦታ ብቻ ይታየኝ ነበር፤ ከዚያም ላይ የደሳለኝ "ያላሉትን" የሚለው ቃል።

"ክቡር ፍርድ ቤት" አልኩ፣ "ያን ቃል በአንደበቴ መናገሬን በእርግጠኝነት አላስታውስም።"

ዳኛዋ ለመጀመሪያ ጊዜ ቀና ብላ አየችኝ። "ሌላኛው ሽማግሌ ተናግረው ይሆን?"

"አንድ ነገር ተናግረዋል። ቃሉን ግን ማረጋገጥ አልችልም።"

"ከሳሽ የቀሩት በእናንተ ምክንያት ነው ብለው ያምናሉ?"

"አምናለሁ። ነገር ግን የማምነው ሌላ፣ የማስታውሰው ሌላ ነው። የማልኩት ለማስታውሰው ነው።"

"አላስታውስም ማለታቸው ይመዝገብልኝ" አለ የተከሳሽ ጠበቃ ተነስቶ።

"ተመዝግቧል" አለች ዳኛዋ። ከዚያ ወደ መሐመድኑር ዞራ፣ "ለምስክርዎ ጥያቄ አለዎት?" አለችው።

መሐመድኑር ተነሳ። ቆቡን አወለቀ፤ ወዲያው መልሶ አደረገው።

"መምህሩ፣ ያን ቀን ስወጣ እስከ በር ሸኝተኸኛል?"

"ሸኝቼሃለሁ።"

"በሩ ላይ ምን አልከኝ?"

አሰብኩ። እግዚአብሔር ምስክሬ ነው፣ አሰብኩ። "ደህና ግባ አልኩህ መሰለኝ።"

"ሌላስ?"

ፊቱን አየሁት። መልሱን በዓይኑ ሊያቀብለኝ ሲሞክር ይታየኝ ነበር፤ አፉ ግን ሊያወጣው አይችልም። ልክ ሁለታችን ልጆች ሳለን፣ መምህሩ ሲጠይቀው እኔን የሚያይበት ዓይን ነበር። ልዩነቱ የዚያን ጊዜ መልሱን የማውቀው እኔ መሆኔ ነበር።

"ሌላ አላስታውስም" አልኩ።

"ይበቃኛል" አለና ተቀመጠ።

ዳኛዋ ብዙ አልቆየችም። ከሳሽ የቀሩበትን በቂ ምክንያት በምስክር አላስረዱም፤ ስለዚህ የተሰረዘው ክስ ይከፈት የተባለው አቤቱታ ተቀባይነት የለውም አለች። ይህን ስታነብ ድምፅዋ ትንሽ ዝቅ ያለ መሰለኝ። ደሳለኝ ከጠበቃው ጋር በሌላኛው በር ወጣ።

ከግቢው ውጭ ስንቆም ፀሐይዋ ከርራ ነበር። መሐመድኑር ክንዴን ይዞ ወደ ጥላ አስጠጋኝና ውኃ ገዛልኝ። እኔ ልናገር ስጀምር እጁን አነሳ።

"ውሸት አልተናገርክም" አለኝ። "መሐላህን ጠብቀሃል። ቤትህ ግባ፣ ፀሐይ ነው።" ከዚያ ወደ መናኸሪያው ሄደ። ወደ ኋላ አልዞረም፤ ወይም ዞሮ እኔ አላየሁትም።

መሪጌታ ከግሽ ዓባይ የተመለሱት ከስንት ቀን በኋላ እንደሆነ በትክክል አላውቅም፤ ሰኔ ግን ገብቷል። እንደመጡ ቤታቸው ሄጄ የሆነውን ሁሉ ነገርኳቸው። ሲሰሙ ቆይተው፣

"ቃሉንማ የተናገርኩት እኔ ነኝ" አሉ። "'ነገር በሽማግሌ ከተያዘ በኋላ ችሎት መቆም ምን ይሉታል? ሐሙስ ይቅር' ብዬዋለሁ።"

"እኔስ?" አልኩ። "እኔ ምንም አላልኩም ማለት ነው?"

"እሺታውን የተቀበሉትማ እርስዎ ነዎት። እኔ ስናገር ሰውየው እሺ አላለም፤ ዝም ብሎ ነበር የወጣው። በሩ ላይ እጁን በሁለት እጅዎ ይዘው 'አደራ፣ ልጁ ልጄ ነው፤ በእኔ ጣለው' አሉት። እሱም 'አንተ ካልክ' አለ። ከኋላችሁ ቆሜ በጆሮዬ ሰምቻለሁ።" ቀጥለውም፣ "ይህን እንዴት ይረሱታል፣ መምህር?" አሉኝ። ሊወቅሱኝ አልነበረም። ግራ ገብቷቸው ነበር።

እንግዲህ ለዳኛዋ የሰጠሁት መልስ በቃል ደረጃ ስህተት አልነበረበትም። አትቅረብ የሚለውን ቃል አልተናገርኩም። የተናገርኩት ከዚያ የሚበልጠውን ነበር፤ እሱን ደግሞ ረስቼዋለሁ። ወይስ አልረሳሁትም? ደሳለኝ የክርስትና ልጄ ነው። ራሴን በእሱ ዋስ ማድረጌን ባስታውስ ኖሮ ያንን ዕዳ የምሸከመው እኔ እሆን ነበር። አእምሮዬ ያንን በር በራሱ ፈቃድ ዘግቶት ይሆን? ይህን ጥያቄ ለራሴ ካቀረብኩ እነሆ ዓመታት አለፉ፤ እስከ ዛሬ መልሱን ባዶ ትቼዋለሁ።

በማግስቱ ቡሬ ሄድኩ። ይግባኝ መጠየቅ እንደሚቻል በመንገድ ሳሰላስል ነበር፤ መሪጌታም ሊመሰክሩ ቃል ገብተዋል። የመሐመድኑር ግቢ በሰው ተሞልቶ አገኘሁት። ገበሬዎች ነበሩ፤ አንዳንዱ ከሽንዲ በኩል በእግሩ የመጣ። ዝናቡ ያቦካው ጭቃ ጫማቸው ላይ ነበር። መሐመድኑር አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀምጦ በየተራ እየጠራ ይከፍላቸዋል። ሶፊያ በረንዳው ላይ ተቀምጣለች፤ አጠገቧ የታሰሩ ፍራሾችና አንድ ሳጥን አለ።

አንድ አዛውንት ገበሬ ድርሻውን ተቀብሎ ሲያበቃ አልሄድም አለ። "ቤትዎን ለእኛ ብለው ሸጡት ይላሉ። እውነት ነው?" ሲል ጠየቀ።

"አርጅቷል ቤቱ። ያፈስ ነበር" አለ መሐመድኑር።

"የት ነው የሚያፈሰው? ስንት ክረምት ተጠልዬበታለሁ።"

"አንተ የተቀመጥክበት ጥግ ብቻ ነው የማያፈሰው፤ መርጠህ ነው እንጂ!" ሰዉ ሳቀ። ገበሬው አልሳቀም፤ ጎንበስ ብሎ የመሐመድኑርን ትከሻ ስሞ ወጣ።

ሰዉ ሲቀልልለት አጠገቡ ተቀመጥኩ። መሪጌታ መመለሳቸውን፣ ያሉኝን ሁሉ፣ የበሩን ነገር ነገርኩት። ይግባኝ እንበል አልኩት፤ እኔ ወጪውን እችላለሁ፤ አሁን እመሰክራለሁ አልኩት።

"ቤቱን ትናንት አስረክቤያለሁ" አለኝ። "ገበሬ የሚጠብቀው ዝናብ ነው፤ የእኔን ይግባኝ አይጠብቅም።"

"እንግዲያስ ለአንተ ብለን እንሞክር።"

ቀስ ብሎ አየኝ። "አስታወስከው?" አለኝ። "በሩ ላይ ያልከኝን?"

"መሪጌታ ነገሩኝ።"

"አንተን ነው የምጠይቅህ።"

ልዋሸው እችል ነበር። አዎን፣ የእጅህ ሙቀት ሳይቀር ትዝ አለኝ ልለው እችል ነበር። አሁን ሳስበው ያ ሙቀት የሚሰማኝ ይመስለኛል፤ ግን መሪጌታ ከነገሩኝ በኋላ የፈጠርኩት ይሁን የእውነት ይሁን መለየት አልችልም።

"አላስታወስኩትም" አልኩት።

ራሱን ነቀነቀ። "አየህ" አለ፣ "ቤቱ አይደለም። ቤት ሌላ ይገኛል። ያን ቃል ነው እኔ ይዤ ቤቴ የቀረሁት። አንተ ዘንድ ግን ከዚያ ቀን አላለፈም።" ከዚያ የሚቀጥለውን ገበሬ ስም ጠራ።

እሱና ሶፊያ መራዊ ወደምትኖረው ልጃቸው ሄዱ። ሁለት ጊዜ ልጠይቀው ሄጃለሁ። በደንብ ተቀብሎኛል፤ ስለ በቆሎ ዋጋ፣ ስለ ልጅ ልጆቹ አውርተናል። ቀልዱን ግን አቁሞ ነበር።

እናንተ ይህን የምታነቡ ሰዎች፣ ሽማግሌ ሆናችሁ የሰው ጉዳይ የምትይዙ ከሆነ፣ ክስ ካለ አስቀድማችሁ ለፍርድ ቤቱ አሳውቁ። ለእርቅ ጊዜ ይሰጠን ብሎ ማመልከት ይቻላል፤ አንድ ገጽ ወረቀት ነው። ሁለት ዲግሪ ያለኝ ሰው ይህን አላሰብኩትም፤ አቤቱታ ጸሐፊው ከጠረጴዛው ማዶ ሆኖ ሲነግረኝ ነው የሰማሁት። ከሳሽ የሆናችሁም፣ ማንም በእኔ ጣለው ቢላችሁ ቀጠሯችሁን አክብሩ። ዳኛዋ ባዶ ወንበር ነው ያየችው፤ ባዶ ወንበር ደግሞ ጉዳዩን እንደተወ ሰው ይቆጠራል።

እኔ ከዚያ ወዲህ ሽምግልና አልተቀመጥኩም። ደሳለኝ አሁንም ነጋዴ ነው። መንገድ ላይ ሲያገኘኝ ጉልበቴን ሊስም ጎንበስ ይላል፤ እኔም እግሬን እሰበስባለሁ።

መሐመድኑር ያረፈው ባለፈው ዓመት፣ መስከረም ሲጠባ ነው። ሐዘን ገደለው ማለት አልችልም፤ ስኳር ነበረበት። መራዊ ደርሼ ከቀብሩ ሥፍራ ጥግ፣ ከመጡት ክርስቲያኖች ጋር ቆምኩ። ከሶላቱ በፊት ሼሁ ወደ ሕዝቡ ዞረው፣ በሟቹ ላይ ዕዳ ያለው ሰው ካለ ይናገር፣ ቤተሰቡ ይከፍላል አሉ። ከዚያ ከሽንዲ በኩል የመጣ አንድ ሰው፣ "እኔን ከፍሎኛል" አለ ጮክ ብሎ። "እኔንም ከፍሎኛል" አለ ሌላው። ማንም ሳይጠይቃቸው ተራ በተራ ተናገሩ፤ ስድስት፣ ሰባት ሰው።

ለሟቹ ዕዳ ያለበት ሰው ይኖር እንደሆነ ግን ሼሁ አልጠየቁም፤ እንዲህ ያለ ጥያቄ በሥርዓቱ የለም። እኔ ግን ቆሜ የምጠብቀው ያንን ጥያቄ ነበር። ቢቀርብ ኖሮ ያለ ምንም ጥርጥር የምመልሰው፣ በሕይወቴ እርግጠኛ የሆንኩበት አንድ መልስ ነበረኝ። ሰዉ አስከሬኑን ተሸከመ፤ እኔም ለክብሩ ጫማዬን አውልቄ በእጄ ይዤ ከኋላ ተከተልኩ።